ወደብ ትቶ አሸዋ ላይ መውረድ

ጥያቄ፦ ጎንደር ከተማ ውስጥ በአንድ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ታሪክ አስተምራለሁ። ኖርማንዲ ላይ፣ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት እንግሊዝ፣ አሜሪካና ተባባሪዎቻቸው ጀርመን ወደያዛት ፈረንሳይ በባሕር የወረዱበት ላይ፣ ስንደርስ ተማሪዎቼ ወጥረው ያዙኝ። እንግሊዝና አሜሪካ ያ ሁሉ መርከብና አውሮፕላን እያላቸው ለምን ባሕሩ በሚጠብበት፣ በካሌ በኩል አልተሻገሩም? ወደብ እያለ ለምን ባዶ አሸዋ ላይ ወረዱ? ቀኑን ለመቁረጥስ ያን ያህል ምን አስጨነቃቸው? እኔ ራሴ ከጣና ሌላ ትልቅ ውሃ አላየሁም፤ የባሕር ሙላትና ሽሽት የሚባለውን በወጉ ማስረዳት ተቸገርሁ። በቁጥር አስደግፈው ቢያብራሩልኝ።

ምላሽ፦ መምህር፣ ሦስቱም ጥያቄዎች ሥራቸው አንድ ነው። ከባሕር ተነስቶ የብስ ለሚወር ጦር ትልቁ አደጋ ብዙ ጊዜ የሚመጣው በመጀመሪያው ጠዋት ሳይሆን በሁለተኛውና በሦስተኛው ሳምንት ነው። ተከላካዩ ጦሩን በባቡርና በመኪና ያጓጉዛል። ወራሪው ግን እያንዳንዱን ሰው፣ እያንዳንዱን ጥይትና እያንዳንዷን ጀሪካን ቤንዚን ከመርከብ አውርዶ፣ አሸዋ አሻግሮ ነው የሚያስገባው። ማን ቶሎ ያከማቻል? ቦታውም፣ ቀኑም፣ የወደቡ ነገርም የተወሰኑት ይህን ሩጫ ለመቅደም ነው። ጣሊያን አገር አንዚዮ ላይ (ቀኖቹን በፈረንጆቹ አቆጣጠር እጽፋለሁ) ጃንዋሪ 22 ቀን 1944 ወደ 36,000 ሰው በአንድ ቀን እዚህ ግባ የማይባል ጉዳት ብቻ ደርሶበት ወረደ። መውረዱ ሰመረ፤ ጀርመኖች ግን በቀናት ውስጥ ጦር ሰብስበው ስለከበቡት ዳርቻዋን ይዞ አራት ወር ቆመ።

ከውሃው ልጀምር፤ ያለ እሱ ሌላው አይገባም። ጎርጎራ ወርደው ከሆነ ጣና በክረምት ሲሞላ በበጋ ሲጎድል አይተዋል፤ ልዩነቱን ለማየት ወራት መጠበቅ ግድ ነው። ኖርማንዲ ላይ ባሕሩ በ25 ሰዓት ገደማ ውስጥ ሁለት ጊዜ ይሞላል፣ ሁለት ጊዜ ይሸሻል። ጎታቿ በዋናነት ጨረቃ ናት፤ ፀሐይም ታግዛታለች። ጨረቃ ሙሉ ስትሆንና ጠፍ ስትሆን ሁለቱ በአንድ መስመር ስለሚጎትቱ ልዩነቱ ይሰፋል፤ በዚያ ዳርቻ 6 ሜትር ገደማ ይደርሳል፤ የባለ ሁለት ፎቅ ቤት ቁመት ማለት ነው።

አሁን ሰሌዳው ላይ አንድ ሦስት ማዕዘን ይሣሉላቸው። ዳርቻው ተዳፋቱ 1 ለ 100 ቢሆን፣ ማለትም መቶ ሜትር ተራምደው አንድ ሜትር ብቻ ዝቅ የሚሉበት ቢሆን፣ 6 ሜትር ወደ ላይ የሚወጣ ውሃ 600 ሜትር ወደ ፊት ይሄዳል። ሙላቱ ስድስት ሰዓት ቢፈጅ ደግሞ የውሃው ጠርዝ በአማካይ በሰዓት 100 ሜትር ይገሰግሳል፤ በየአሥር ደቂቃው ከ15 ሜትር በላይ ማለት ነው። እግሩን ተመትቶ አሸዋው ላይ የወደቀ ወታደር ካልተጎተተ በደቂቃዎች ውስጥ ውሃው ይደርስበታል። ኦማሃ የተባለው ዳርቻ ላይ ይህ በብዙዎች ደርሷል።

ጀርመኖችም ይህን ያውቁ ነበር። ፊልድ ማርሻል ሮሜል ወራሪው የሚመጣው ውሃው ሲሞላ ነው ብሎ አሰበ፤ እግረኛው በሜዳ የሚሮጠው ርቀት ያን ጊዜ ያጥራልና። ስለዚህ ውሃው ሲሞላ እንዲሸፈኑ አድርጎ ጫፋቸው ላይ ፈንጂ የታሰረባቸው ግንዶችና በተመሰቃቀለ ብረት የተሠሩ የጀልባ መቅደጃዎች አስተከለ። የተባባሪዎቹ ዕቅድ አውጪዎች ሁለት ክፉ ምርጫ ገጠማቸው። ሞልቶ ሳለ ቢመጡ ጀልባው የማያየው ፈንጂ ላይ ይወጣል፤ ሸሽቶ ሳለ ቢመጡ መሰናክሉ ወለል ብሎ ይታያል፣ ወታደሩ ግን 300 ሜትርና ከዚያ በላይ ገላጣ አሸዋ በመትረየስ ፊት ይሻገራል። የተስማሙበት፣ ውሃው መሸሹን ጨርሶ መሙላት ከጀመረ ከአንድ ሰዓት ገደማ በኋላ እንዲሆን ነው። ያን ጊዜ መሰናክሉ ገና ደረቅ ስለሆነ መሐንዲሶቹ በፈንጂ ያፈርሱታል። አሸዋ ላይ የተቀመጠች ጀልባንም የሚመጣው ውሃ ያነሳታል። በሚሸሽ ውሃ ላይ ያረፈች ጀልባ ግን እዚያው ትቀራለች፤ የሚቀጥለው ሙላት እስኪመጣ ለመድፍ ዒላማ ሆና ግማሽ ቀን ትጠብቃለች። ሙላቱ ከምዕራብ ወደ ምሥራቅ ስለሚደርስ አሜሪካውያኑ ከጠዋቱ 12፡30፣ እንግሊዞቹ ከ1፡25 ጀምረው ወረዱ። ጦሩ የወረደባቸው አምስቱ ዳርቻዎች በአንድ ሰዓት ያልተወረሩት በዋናነት በዚህ ነው።

ሒሳቡ ሲስት ምን እንደሚሆን ከሰባት ወር በፊት ፓሲፊክ ላይ ታይቷል። ታራዋ ደሴት ላይ ኖቬምበር 20 ቀን 1943 ውሃው የታሰበውን ያህል ስላልሞላ ጀልባዎቹ ኮራሉ ላይ ቀሩ። ወታደሮቹ ከ500 ሜትር በላይ ውሃ ውስጥ እየተራመዱ ተተኮሰባቸው፤ በ76 ሰዓት ውስጥ ከ1,000 በላይ አሜሪካውያን ሞቱ። ለኖርማንዲ ስሌቱን የሠራው የሊቨርፑሉ ሊቅ አርተር ዱድሰን ነበር፤ የሙላት መተንበያ ማሽኑን ሲያዞር የቦታውን ስም እንኳ አልነገሩትም፣ «ቦታ ዜድ» ብቻ ነው ያሉት።

የቀኑ ጭንቀት እንግዲህ ከዚህ ይመነጫል። ውሃው የሚፈለግበት ደረጃ ላይ ሊነጋጋ ሲል መድረስ አለበት። ከዚያ በፊት ደግሞ የመርከብ መድፎች ዒላማቸውን አይተው የሚተኩሱበት ጥቂት ብርሃን ያስፈልጋል። ከዋናው ጦር በፊት በሌሊት ለሚዘለው አየር ወለድ ጦር (ወደ 23,000 ሰው) ጨረቃ መኖር አለባት፤ አብራሪው ወንዝና መንገድ ለይቶ እንዲያይ። በጁን ወር ይህ ሁሉ የሚገጥመው 5፣ 6 እና 7 ላይ ብቻ ነበር። ለ5 ተቆረጠ፤ ነፋሱ በረታ። የሜትዎሮሎጂው ኃላፊ ጄምስ ስታግ ለ6 ጥቂት ሰዓት ጋብ እንደሚል ሲናገር የተባባሪዎቹ ዋና አዛዥ ጄኔራል አይዘንሃወር ሂዱ አለ። በእኛ ግንቦት 29 ቀን 1936 መሆኑ ነው። ቢታለፍ ኖሮ ውሃው የሚስማማበት ቀጣዩ ቀን ጁን 19 ግድም ነበር፤ ጨረቃ በሌለችበት። በዚያው ቀን የተነሳውን ማዕበል ወደ ኋላ እመለስበታለሁ።

ለምን ካሌ አልሆነም ለሚለው፦ ካሌ ከእንግሊዝ 34 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ ኖርማንዲ ከ150 ኪሎ ሜትር በላይ። አጭሩን መንገድ ግን ጠላትም ያውቀዋል፤ ምሽጉ የጠነከረውና የጀርመን 15ኛ ጦር ያለው እዚያው ነበር። ኖርማንዲ ከደቡብ እንግሊዝ ለሚነሳ ተዋጊ አውሮፕላን ይደረሳል፤ ሰፊ ዳርቻ አለው፤ የሼርቡርግ ወደብም ቅርብ ነው። በዚያ ላይ ጀርመኖች ዋናው ጦር በካሌ ይመጣል ብለው እንዲያምኑ በጄኔራል ፓተን የሚመራ የሌለ ጦር ተፈጠረ፤ የሐሰት ሬዲዮ መልእክትና የጎማ ታንክ ሳይቀር ተሰማራ። ማታለያው የተሠራው ለጁን 6 ብቻ አልነበረም። ከወረራው በኋላም «ይህ ማዘናጊያ ነው፣ ዋናው ገና ይመጣል» አሰኝቶ 15ኛውን ጦር ለሳምንታት ካሌ ላይ አቆየው። የሩጫው ግማሽ ድል የተገኘው እዚያ ነው። የቀረውን ግማሽ የሴን ወንዝ ድልድዮችንና የፈረንሳይን ባቡር መስመሮች የመቱት ቦምብ ጣዮች ሠሩት።

ወደቡን በተመለከተ መልሱ ዲዬፕ ነው። ኦገስት 19 ቀን 1942 ወደ 6,000 ሰው፣ አብዛኛው ካናዳዊ፣ ያንን የፈረንሳይ ወደብ ፊት ለፊት ገጠመ። ታንኮቹ የዳርቻው ጠጠር ላይ ሰንሰለታቸው እየተንሸራተተና እየወለቀ ቀሩ፤ ከ900 በላይ ካናዳውያን ሞቱ፣ ወደ 2,000 የሚጠጉ ተማረኩ። የተጠበቀ ወደብ በፊት ለፊት ጥቃት እንደማይያዝ፣ ቢያዝም ባለቤቱ ሳያፈርሰው እንደማይለቅ ያን ቀን ታወቀ። ሼርቡርግም በ1944 ጁን መጨረሻ ሲያዝ ክሬኖቹ ፈርሰው፣ መግቢያው በሰመጠ መርከብና በፈንጂ ተደፍኖ ነው የተገኘው፤ ሥራ የጀመረው ከሳምንታት በኋላ ነው። ስለዚህ አሸዋ ላይ መውረድ ግድ ሆነ።

አሸዋ ሁሉ ግን አንድ አይደለም። ከላይ ደረቅ መስሎ ከሥር ጎማ የሚውጠውን የደምቢያ ዋልካ የሚያውቅ ሰው ይህን ለማስረዳት አይቸገርም። የኖርማንዲ ዳርቻ ከአሸዋው ሥር አልፎ አልፎ የበሰበሰ እፅና ጭቃ ነበረበት። እ.ኤ.አ. በ1943 የመጨረሻ ሌሊት ሎጋን ስኮት ባውደንና ብሩስ ኦግደን ስሚዝ የተባሉ ሁለት እንግሊዛውያን በዋና ወጥተው፣ ጠባቂዎቹ ዓመት በዓል ሲያከብሩ፣ በደረታቸው እየተሳቡ አሸዋውን በእጅ መሰርሰሪያ ቆፈሩ። ከየጉድጓዱ ናሙና እየወሰዱ በቱቦ አሽገው ይዘው ዋኝተው ተመለሱ። ውጤቱ ታንክ የት ሊሄድ እንደሚችልና የት እንደማይችል የሚያሳይ ካርታ ነበር። ጭቃማው ቦታ ላይ ከፊቱ በጥቅል የተሸከመውን ጠንካራ ምንጣፍ እየዘረጋ የሚሄድ ታንክ ተሠራ። በእኔ አስተያየት የእነዚያ ቱቦዎች ዋጋ ከአንድ የጦር መርከብ ይበልጣል።

ጦሩን የሚያወርደው ዕቃም ሁለት መልክ አለው። ትንሿ 11 ሜትር ገደማ ርዝመት ያላት የኮምፔንሳቶ ጀልባ ናት፤ 36 ወታደር ትይዛለች፤ የፊቷ መዝጊያ ብረት ነው፣ ወደ ውጭ ይወድቅና መውረጃ ይሆናል። አሸዋ ስትነካ ነጂው ሞተሩን አያጠፋም፤ ወደፊት እንደገፋ ይይዛታል። ካጠፋው ማዕበሉ ከኋላ ገፍቶ ወደ ጎን ያጋድማታል፤ የተጋደመች ጀልባ ደግሞ ለኋለኞቹ መግቢያ ትዘጋለች። ትልቁ 100 ሜትር ርዝመት ያለው ታንክ ጫኝ መርከብ ነው፤ 20 ያህል ታንክ ይዞ ሆዱ ዝርግ ስለሆነ ዳርቻው ላይ ይወጣል። ክፍት ባሕር ላይ እንዳይንከባለል ጋኖቹን ውሃ ይሞላቸዋል፤ ዳርቻ ሲቃረብ አፍስሶ ይቀልላል። ከመውጣቱ በፊት መልሕቁን ከኋላው ይጥላል፤ ሲመለስ በዊንች ራሱን የሚጎትተው በዚያ ነው። መልሕቁን ዘግይቶ የጣለ መርከብ መመለሻ የለውም። የሁሉም ዕቅድ ማነቆ የዚህ መርከብ ቁጥር ነበር። ወረራው ከሜይ ወደ ጁን የተገፋው የአንድ ወር ተጨማሪ ምርት ለማግኘት ነው፤ ደቡብ ፈረንሳይ ላይ አብሮ ሊደረግ የታሰበውም እስከ ኦገስት 15 የዘገየው በዚሁ እጥረት ነው።

አጫጫኑም ራሱን የቻለ ሙያ ነው፤ መጀመሪያ የሚወጣው መጨረሻ ይገባል። ሲያወሩት ቀላል ይመስላል። እ.ኤ.አ. በ1915 ለጋሊፖሊ ዘመቻ የተላኩት መርከቦች መድፉ አንዱ ላይ፣ ጥይቱ ሌላው ላይ፣ ፈረሱ ሦስተኛው ላይ ተጭኖ ስለተገኘ እንደገና ሊደረደሩ ወደ እስክንድርያ ተመለሱ። በዚያ መካከል ቱርኮች ምሽጋቸውን ቆፈሩ። ለኖርማንዲ ግን የእያንዳንዱ መርከብ ጭነት ከጦርነቱ ቅደም ተከተል ተነስቶ ወደ ኋላ ተሰላ። ተሽከርካሪው ሁሉ ሞተሩ ውሃ እንዳይገባበት ተለበጠ፤ የጭስ ማውጫው ወደ ላይ ተቀጠለ። ዳርቻው ላይም ትራፊክ የሚያስተናብር፣ ማንም ጄኔራል ቢሆን «መኪናህን አንሳ» ለማለት ሥልጣን የተሰጠው መኮንን ቆመ።

ልምምዱ ሳይቀር ሰው በልቷል። ኤፕሪል 28 ቀን 1944 ሌሊት እንግሊዝ ባሕር ላይ ሲለማመድ የነበረ ቡድን በጀርመን ፈጣን ጀልባዎች ተመታ፤ ከ700 በላይ ሰው ሞተ። አጃቢው መርከብና ተጓዦቹ የሬዲዮ ሞገዳቸው አልተገናኘም ነበር። ብዙዎች የሰመጡት ደግሞ ተንሳፋፊ ቀበቷቸውን ብብታቸው ሥር ሳይሆን ወገባቸው ላይ ስላሰሩ ነው፤ ሙሉ ትጥቅ የተሸከመን ሰው ወገቡ ላይ የተነፋ ቀበቶ በአፍጢሙ ይገለብጠዋል።

በጁን 6 ጠዋት ወደ 7,000 የሚጠጉ መርከቦችና ጀልባዎች ፈንጂ ጠራጊዎች በከፈቷቸው አሥር መስመሮች መጡ። አራቱ ዳርቻዎች ከሞላ ጎደል እንደታሰበው ሆኑ። ዩታ የተባለው ላይ እንዲያውም ሞገዱ ጀልባዎቹን ሁለት ኪሎ ሜትር ያህል ወደ ደቡብ ገፍቶ ከታሰበው ይልቅ ደካማ ምሽግ ፊት ጣላቸው። ኦማሃ ግን የተደራረበ ስሕተት ነው። ቦምብ ጣዮቹ ደመና ስለጋረዳቸው የራሳቸውን ሰው እንዳይመቱ ጥቂት ሰኮንድ አዘገዩ፤ በዚያ ፍጥነት ጥቂት ሰኮንድ ኪሎ ሜትሮች ስለሆነ ቦምቡ ከምሽጉ ጀርባ እርሻ ላይ ወደቀ። በሸራ ቀሚስ የሚንሳፈፉ ታንኮች ነበሩ፤ ሸራው የተሠራው ለረጋ ውሃ ነው። ከአንዱ ሻለቃ 29ኙ ከዳርቻው 5 ኪሎ ሜትር ገደማ ላይ ወደ ባሕር ወረዱ፤ ማዕበሉ ሸራውን አጥፎ 27ቱን አሰመጣቸው። እዚያው አጠገብ ያሉ ሌሎች አዛዦች ባሕሩን አይተው ታንኮቻቸውን እስከ አሸዋው አደረሱ። ጀልባዎቹ ከመርከብ የወረዱት 18 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀው ስለነበር ወታደሮቹ ለሰዓታት ሲናጡ፣ ሲያስመልሱ ደረሱ፤ እንግሊዞቹ ከ11 ኪሎ ሜትር ነበር ያወረዱት። መሐንዲሶቹ 16 መተላለፊያ ሊከፍቱ ነበር፤ ሙላቱ ሳይጨርሱ ቀደማቸው። ነገሩን የቀየሩት ሆዳቸው አሸዋ ሊነካ እስኪደርስ ወደ ዳርቻው ቀርበው በቀጥታ ምሽጉ ላይ የተኮሱ አጥፊ መርከቦችና ገደሉን በእግራቸው የወጡ ትንንሽ ቡድኖች ናቸው።

በዚያ ቀን ከአየርና ከባሕር ወደ 156,000 ሰው ገባ። በስም ተለይተው የተረጋገጡት የተባባሪዎቹ ሟቾች 4,414 ናቸው፤ መማሪያ መጽሐፍ ላይ ከዚህ በጣም ያነሰ ቁጥር ካገኙ የቀድሞ ግምት ነው። እስከ ጁን 11 የገባው 326,000 ሰው፣ 54,000 ተሽከርካሪና 104,000 ቶን ዕቃ ደረሰ፤ በጁን መጨረሻ 850,000 ሰው ሆነ።

ይህ ሁሉ በየት ገባ? ብዙዎች ሰው ሠራሹን ወደብ ያነሳሉ። እስከ 6,000 ቶን የሚመዝኑ የኮንክሪት ሣጥኖች ከእንግሊዝ ተጎትተው መጥተው ሁለት ቦታ ሰጠሙና ማዕበል ገቺ ግድብ ሆኑ፤ ከግድቡ ውስጥ ወደ ዳርቻ ተንሳፋፊ መንገድ ተዘረጋ። ያ የጁን 19 ማዕበል ሦስት ቀን ቆይቶ የአሜሪካውያኑን ወደብ ከጥቅም ውጭ አደረገው። አሮማንሽ ላይ ያለው የእንግሊዞቹ ተጎድቶም ለወራት አገለገለ። እኔ ግን ወደቡ ከሚገባው በላይ የተሞገሰ ይመስለኛል። አሜሪካውያኑ ወደባቸው ከፈረሰ በኋላም ታንክ ጫኝ መርከቦቹን ውሃው ሲሸሽ አሸዋው ላይ እንዲቀመጡ ይተዉአቸው ነበር። መጀመሪያ ላይ የባሕር ኃይሉ የመርከቡ ወገብ ይሰበራል ብሎ ፈርቶ ነበር፤ አልተሰበረም። መኪኖቹ በደረቅ አሸዋ ነድተው ይወጣሉ፣ ከግማሽ ቀን በኋላ ውሃው ተመልሶ መርከቡን ያነሳዋል። ሲያስጨንቅ የነበረው ሙላትና ሽሽት ያለ ኪራይ የሚሠራ ክሬን ሆነ።

ለልጆቹ ከቤት ምሳሌ ከፈለጉ የጄኔራል ናፒየርን ዘመቻ ያንሱላቸው። በኦክቶበር 1867 የእንግሊዝ ጦር ቀይ ባሕር ላይ ዙላ የወረደው ተኳሽ ሳይጠብቀው ነው፤ ችግሩ ግን ያው የተዳፋት ችግር ነበር። ውሃው ጥልቀት ስለሌለው መርከብ አይጠጋም። ከ600 ሜትር በላይ የሚዘልቅ የጀልባ መጠጊያ በድንጋይ ሠሩ፤ የሚጠጣ ውሃ ስላልነበረ መርከቦቹ የባሕር ውሃ አፍልተው እያጣሩ አቀረቡ፤ ከመጠጊያው ወደ ተራራው ግርጌ የባቡር ሐዲድ ዘረጉ። አጋሰሶቹ ከተንከባካቢዎቻቸውና ከመጠጫቸው ቀድመው ስለተራገፉ ብዙ በቅሎ በጥማትና በበሽታ አለቀ፤ የጋሊፖሊው የአጫጫን ስሕተት አርባ ስምንት ዓመት ቀድሞ እዚህ ታይቷል። 13,000 ያህል ወታደር፣ እጥፍ የሚሆን ተከታይና 44 ዝሆን ይዘው መቅደላ እስኪደርሱ ስድስት ወር ፈጀባቸው። በዚያው ወራት ዐፄ ቴዎድሮስ 7 ቶን ገደማ የሚመዝነውን መድፋቸውን ሴባስቶፖልን ከደብረ ታቦር መንገድ እየቆረጡ፣ ገደል እየሞሉ በሰው ጉልበት ያስጎትቱ ነበር። መቅደላ ቀድመው የደረሱት እሳቸው ናቸው።